እንጦጦ ማርያምና ሽማግሌዎቹ ተኳሾች

ክቡር አንባቢ ሆይ! የሳምንቱን ሥራ ወይም የሳምንቱን ትምህርት ጨርሰው አንድ ቅዳሜ ጧት ነፃ የሆኑ እንደሆነ፣ ጫማዎን ጠበቅ አድርገው አስረው ከስድስት ኪሎ ወደ ሰሜን ያቅኑ። የአሜሪካንን ኤምባሲ አልፈው ሽሮ ሜዳ ሲደርሱ፣ ግራና ቀኙ ጥበብ ቀሚስ፣ ጋቢና ነጠላ በተንጠለጠለባቸው ሱቆች የተሞላ ነውና እዚያው እንዳይቀሩ ይጠንቀቁ፤ የሸማ ዋጋ መጠየቅ የጀመረ ሰው ተራራ አይወጣም። ከሽሮ ሜዳ በላይ መንገዱ ቀጥ ብሎ ይነሣል። ወደ ላይ የሚወጡ ታክሲዎች አሉ። ጉልበት ካለዎት ግን በእግርዎ እንዲወጡ እመክራለሁ፤ ለምን እንደሆነ ወደ በኋላ እነግርዎታለሁ።

በመንገድ ላይ የሚያገኟቸው ሁለት ዓይነት ሰዎችን ነው። አንደኞቹ ቁምጣ ለብሰው እየሮጡ የሚያልፉዎት ወጣቶች ናቸው፤ እነዚህ ቀና ብለው አያዩም፤ ሐሳባቸው ሰዓታቸው ላይ ነው። ሁለተኞቹ ከወገባቸው ጎንበስ ብለው የባሕር ዛፍ ጭራሮና ቅጠል ተሸክመው ቁልቁል የሚወርዱ ሴቶች ናቸው፤ እነዚህም ቀና ብለው አያዩም፤ ሸክሙ አያስችላቸውም። መንገድ ይልቀቁላቸው። ባሕር ዛፉም ራሱ የዚህ ተራራ ተወላጅ አይደለም። የአገሩ ዛፍ ለማገዶና ለቤት መሥሪያ ተቆርጦ ባለቀ ጊዜ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ከባሕር ማዶ የመጣ ነው። እሱ ባይደርስ ኖሮ ከተማው ማገዶ አጥቶ ወደ አዲስ ዓለም ሊዛወር ታስቦ እንደ ነበር ታሪክ ይነግረናል።

ከላይ ሲደርሱ ነፋሱ ይቀበልዎታል። የተራራው ጫፍ ከባሕር ወለል በላይ 3,200 ሜትር ገደማ ስለሆነ፣ ሽሮ ሜዳ ላይ ያወለቁትን ኮት መልሰው ይለብሱታል። ባለ ስምንት ማዕዘኑ ቤተ ክርስቲያን እንጦጦ ማርያም ነው። ከአጠገቡ ግድግዳው በኖራ የነጣ፣ አንድ ባላገር ጌታ ሊኖርበት ይችል ነበር የሚያሰኝ ቤት ይታያል፤ ይኸ የንጉሠ ነገሥት ቤተ መንግሥት ነበር። ምኒልክ በዚህች ማርያም ጥቅምት 25 ቀን 1882 ዓ.ም. በአቡነ ማቴዎስ እጅ ተቀብተው ዘውድ ጫኑ። ቤቱን አይተው ዘውዱን ሲያስቡት አይመጣጠንም። እቴጌ ጣይቱ ግን ከዘውዱ በፊት፣ በ1879 ዓ.ም.፣ ከታች ካለው ፍል ውሃ ዳር ቤት አሠርተው ለቦታው አዲስ አበባ የሚል ስም አውጥተውለት ነበርና፣ ቤተ መንግሥቱም ሕዝቡም ቀስ በቀስ ቁልቁል ወረደ። ተራራው ለማርያምና ለነፋሱ ቀረ።

በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ቤተ መዘክር አለ። የመግቢያውን ዋጋ ከፍለው ይግቡ። የንጉሠ ነገሥቱንና የእቴጌይቱን ልብስ፣ ነጋሪቱን፣ ከልዩ ልዩ ቦታ የተሰጡ ንዋየ ቅድሳትን ያያሉ። ብዙ ሰው በዚህ ክፍል ውስጥ አሥር ደቂቃ ቆይቶ ወደ ውጭ ይወጣና ከተማውን ቁልቁል እያየ ፎቶግራፍ ይነሣል። እኔ ግን እዚህ ክፍል ውስጥ ስገባ ሁልጊዜ ትዝ የሚለኝ፣ አንባቢ ሆይ እንዳይስቁብኝ፣ አንድ የካውቦይ ፊልም ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1957 ዓ.ም. እኔ በአንድ መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ሆኜ የተቀጠርሁ የሃያ ዓመት ጎረምሳ ነበርሁ። ደመወዝ በተቀበልንበት ቅዳሜ ከባልንጀሮቼ ጋራ ፒያሳ ወርደን ሲኒማ እንገባለን። ያን ጊዜ ሲኒማ ማለት ለእኛ ካውቦይ ማለት ነበር። የፊልሙን ጀግና «አክተሩ» እንለዋለን፤ ሌላው ሁሉ ተጫዋች አክተር እንዳልሆነ ያህል። ሕጋችንም አንድ ነበር፤ አክተር አይሞትም። አክተሩ ስድስት ጥይት ቢመታም ተነሥቶ ፈረሱ ላይ ይወጣል። ይኸን የማያውቅ ሕፃን በሰፈራችን አልነበረም።

አንድ ቀን ታዲያ ያየነው ፊልም ይኸን ሕግ አፈረሰብን። «ራይድ ዘ ሃይ ካንትሪ» ይባላል፤ «ደጋውን አገር ጋልብ» እንደ ማለት ነው። ሳም ፔኪንፓ የሚባል ዲሬክተር የሠራውና በ1954 ዓ.ም. አሜሪካን አገር የወጣ ነው። ሁለት ሽማግሌዎች ዋና ሆነው ይጫወቱበታል፤ ጆል ማክሪና ራንዶልፍ ስኮት፤ ሁለቱም ዕድሜያቸውን በካውቦይ ፊልም ያሳለፉ ናቸው። ለስኮት የመጨረሻው ፊልም ይኸው ሆነ።

አጀማመሩ እንዲህ ነው። ስቲቭ ጀድ የሚባል፣ በጉብዝናው ዘመን ሕግ አስከባሪ የነበረ ሽማግሌ በፈረስ ወደ አንድ ከተማ ይገባል። ከመንገዱ ግራና ቀኝ ሕዝብ ቆሞ ይጮኻል። ሰውየው ለእሱ የተደረገ አቀባበል መስሎት ቆቡን ነካ አድርጎ ሰላምታ ይሰጣል። ለካስ ግመልና ፈረስ የሚሽቀዳደሙበት ጨዋታ ኖሮ ሕዝቡ የሚጮኸው መንገድ ልቀቅ እያለው ነው! ዩኒፎርም የለበሰ ፖሊስ ሽማግሌውን ከመንገድ ዞር እንዲል ይቆጣዋል። ዞር ሲል ደግሞ አውቶሞቢል ሊገጨው ይደርሳል። የቀድሞ ጓደኛውን ጊል ዌስትረምንም እዚያው ያገኘዋል፤ አርቴፊሻል ጢምና ጠጉር ለጥፎ በበዓል ድንኳን ውስጥ ሰው በገንዘብ የሚያጫውት ሆኗል።

ጀድ የተጠራው ከተራራ ላይ ካለ የወርቅ መቆፈሪያ ሰፈር ወርቅ አጅቦ ወደ ባንክ እንዲያመጣ ነው። የባንኩ ሰዎች ውሉን አንብብ ብለው ይሰጡታል። ሽማግሌው ይቅርታ ጠይቆ ወደ መጸዳጃ ክፍል ይገባና በሩን ዘግቶ መነጽሩን ከኪሱ አውጥቶ ያነባል፤ ዓይኑ እንደ ደከመ እንዳያውቁበት ነው። በዚህ ጊዜ አዳራሹ በሳቅ ተሞላ። እኔም ሳቅሁ። በመጨረሻው ግን ጀድ ጓደኛው ሊሰርቅ ያሰበውን ወርቅ ጠብቆ፣ ከወንበዴ ወንድማማቾች ጋራ ሜዳ ላይ ፊት ለፊት ተታኩሶ ይመታል። ሲሞት ማንም እንዲያየው አይፈልግም። ፊቱን ወደ ተራሮቹ ያዞርና ቀስ ብሎ ይወድቃል። አክተሩ ሞተ። ከሲኒማ ቤቱ ስንወጣ ከባልንጀሮቼ አንዱ «ገንዘባችንን ይመልሱልን» አለ።

እንግዲህ ወደ ቤተ መዘክሩ ልመልስዎትና፣ ከዚህ ልብስና ነጋሪት ፊት ቆመው እነዚህን ልብሶች አጅበው ይሄዱ የነበሩት ሰዎች ከአድዋ በኋላ ምን ሆኑ ብለው ይጠይቁ። አብዛኛዎቻችን የምናውቃቸው የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ላይ ነው። ከዚያ በኋላ ሠላሳና አርባ ዓመት የኖሩ አሉ። ዓለም ሲለወጥ አብረው የቆዩ፣ ስልኩና አውቶሞቢሉ፣ ማኅተሙና መዝገቡ ሲመጣ ያዩ ናቸው።

ደጃዝማች ባልቻ ሳፎን ይውሰዱ። እርስዎ ስማቸውን የሚያውቁት ምናልባት በአዲስ አበባ በስማቸው ከተሰየመው ሆስፒታል ይሆናል። በልጅነታቸው በዘመቻ ተማርከው ወደ ምኒልክ ቤት የገቡና እዚያው ያደጉ ሰው ናቸው። በጅሮንድ ባልቻ ሲባሉ በመቀሌ የጠላትን ምሽግ በመድፍ የደበደቡ፣ በአድዋም መድፈኞቹን ይዘው የዋሉ ናቸው። በዚያው ቀን የወደቁትን የፊታውራሪ ገበየሁንና የእሳቸውን ስም አዝማሪ አያይዞ ስለ ዘፈነ፣ ዘፈኑን ያልሰማ ኢትዮጵያዊ አይገኝም። የፈረስ ስማቸው አባ ነፍሶ ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር ጣልቃ ላስገባ፤ በካውቦይ ፊልም ፈረሱ የሰውየው ነው፤ በእኛ አገር ግን ሰውየው በፈረሱ ስም ይጠራል። ንጉሠ ነገሥቱ እንኳ አባ ዳኘው ነበሩ። ከሁለቱ የትኛው ፈረስ የበለጠ እንደ ተከበረ እርስዎ ይፍረዱ።

ባልቻ በሐረርና በሲዳሞ ገዥ ሆኑ። እውነቱን ለመናገር፣ በሲዳሞ የነበረው ገበሬ ስለ አድዋው መድፈኛ የሚያስበው አዝማሪው እንደ ዘፈነው አልነበረም። ግብሩ ከባድ፣ እጃቸውም ጽኑ ነበር። ጥሩ ተኳሽ ሁሉ ጥሩ ገዥ ይሆናል ብሎ የጻፈ የለም።

ዓመቱ 1920 ዓ.ም. ነው። ዘመኑ የአልጋ ወራሽ የተፈሪ መኰንን ሆኖ ነበር፤ የሹመትና የገቢ ነገር በወረቀትና በሒሳብ እየተያዘ ሄደ። ሽማግሌው ባልቻ ለንግሥት ዘውዲቱ እንጂ ለዚህ ለአዲሱ አሠራር ለመታዘዝ ፈቃደኛ አልነበሩም። በየካቲት ወር ወደ አዲስ አበባ ሲጠሩ ብዙ ሺህ ጦር አስከትለው መጥተው ከከተማው በስተ ደቡብ ሰፈሩ። ግብር ተጠሩ፤ የተመረጡ ሰዎቻቸውን ይዘው ገቡ። እሳቸው ከማዕድ ላይ ሳሉ ራስ ካሣ ወደ ሰፈራቸው ሄደው ጦሩን በገንዘብና በቃል አሰናበቱት። ባልቻ ጠግበው ሲመለሱ ሰፈሩ ባዶ ሆኖ ቆያቸው። አንዲት ጥይት አልተተኮሰችም። በመድፍ ዝና ያገኘ ሰው በግብር ተሸነፈ። በፊልሙ ውስጥ ሽማግሌው ሕዝቡ ለእሱ የሚጮኽ መስሎት ቆቡን የነካበትን ጊዜ ባሰብሁ ቁጥር፣ ባልቻ ከግብሩ ተነሥተው በፈረስ ወደዚያ ባዶ ሜዳ ሲሄዱ ይታየኛል።

ከዚያ በኋላ ታሰሩ፤ ከእስሩም በኋላ መነኰሱ። ነገሩ እዚህ ላይ ቢያበቃ ኖሮ የሚያሳዝን ግን የተለመደ ታሪክ ይሆን ነበር። በ1928 ዓ.ም. ግን ያ በአድዋ የተመታ ጠላት አርባ ዓመት ቆጥሮ ተመለሰ፤ በዚህ ጊዜ በአይሮፕላንና በመርዝ ጋዝ ነው። የምኒልክን ዘመን ያዩ ሌሎች ሽማግሌዎችም ወጡ። የጦር ሚኒስትሩ ራስ ሙሉጌታ ይገዙ፣ እሳቸውም የአድዋ ሰው፣ በስተርጅና የመሐል ሠፋሪን ጦር ይዘው አምባ አራዳም ላይ ከቦምብ ጋራ ተጋጠሙ፤ በዚያው የካቲት ከነልጃቸው ወደቁ። ያው ፔኪንፓ በ1961 ዓ.ም. «ዘ ዋይልድ በንች» በሚባለው ፊልሙ ያረጁ ተኳሾችን ከመትረየስ ጋራ አገናኝቷቸዋል፤ ብዙ ሰው ስለ ፊልሙ ጭካኔ ጽፏል። አምባ አራዳምን ያየ ሰው ግን በፊልሙ የሚደነግጥ አይመስለኝም።

ባልቻም ከሰባ ዓመት በላይ ሆኗቸው፣ የምንኵስና ልብሳቸውን ለብሰው መቀመጥ ሲችሉ ጠመንጃ አነሡ። ያሰሯቸው ንጉሥ በስደት ነበሩ፤ ውለታ የሚቈጥርላቸውም ሆነ የሚያዝዛቸው አልነበረም። በ1929 ዓ.ም. መጀመሪያ ጠላት ከበባቸው። እጄን እሰጣለሁ ብለው መኰንኖቹን ካስጠጉ በኋላ የደበቁትን መሣሪያ አውጥተው ተኩሰው እንደ ወደቁ ይተረካል። ይኸን ትረካ ለመጀመሪያ ጊዜ የሰማሁት ከዚያ ፊልም በኋላ ነው፤ የሰማሁትም ከመጽሐፍ ሳይሆን እዚሁ ማርያም ቅጥር ሥር ከተቀመጠ ሰው አፍ ነው። በእግርዎ ይውጡ ያልኩዎትም በዚህ ሰው ምክንያት ነው።

በዚያው በ1957 ዓ.ም. ወደ ጠረጴዛዬ የሚመላለስ አንድ ሽማግሌ ነበር። ካኪ ኮቱ በክርኑ በኩል ተጥፏል፤ በደረቱ ላይ ሜዳይ አለ። አርበኛ ነው። ለአርበኞች ከሚሰጠው መሬት ለማግኘት አንዲት ማስረጃ ወረቀት ጎድላው ነበር። ፋይሉ በመዝገብ ቤት አልተገኘም። እኔም ባለፋይሉ መጥቶ ከፊቴ ሲቆም ራሴን ከጽሕፈቴ ሳላነሣ «አባባ፣ ነገ ይመለሱ» እለዋለሁ። እርስዎም ጀማሪ ጸሐፊ ከሆኑ ይኸን ቃል ያውቁታል፤ ውሸት አይደለም፣ እውነትም አይደለም፤ ጠረጴዛን ለማጽዳት የሚያገለግል ቃል ነው። ሦስት ጊዜ አልሁት። ሦስት ጊዜም «እሺ ልጄ» ብሎ ሄደ።

ፊልሙን ባየን ማግሥት፣ እሑድ፣ ከባልንጀሮቼ ጋራ እንጦጦ ለመናፈስ ወጣን። እኔ ከግማሽ በላይ ሳልደርስ ትንፋሼ ተቈርጦ ሦስት ጊዜ ተቀምጫለሁ። ላይ ስንደርስ ያ ሽማግሌ ከማርያም ቅጥር ሥር ፀሐይ እየሞቀ ተቀምጧል። አወቀኝ። ተነሥቶ እጅ ሲነሣኝ አፈርሁ፤ አባቴ የሚሆን ሰው ነው። ከወዴት እንደ መጣ ጠየቅሁት። ከሱሉልታ በኩል ነው፤ ሌሊት ተነሥቶ ተራራውን ተሻግሮ፣ ማርያምን ተሳልሞ፣ ሰኞ ጧት ቢሮ ሲከፈት ለመድረስ ከተማ ከዘመድ ቤት ሊያድር ነው። እኔ «ነገ ይመለሱ» ስለው የነበረው ይኸን ተራራ ነው። ከኪሱ ቆሎ አውጥቶ አካፈለን፤ ስለ ባልቻም፣ ስለ አቡነ ጴጥሮስም፣ ሐምሌ 21 ቀን 1928 ዓ.ም. በዝናብ ከሰላሌ በኩል መጥቶ ከተማው ላይ ስለ ወረደው ጦር አጫወተን። ስለ ወረቀቱ አንድ ቃል አላነሣም። ስንለያይ ብቻ ፈገግ ብሎ «ጣሊያን ክፉ ነበር፤ ግን ነገ ተመለስ ብሎኝ አያውቅም» አለኝ።

ሰኞ ጧት ኮቴን አውልቄ መዝገብ ቤት ገባሁ። ፋይሉ በአባቱ ስም ከሌላ እስር ጋራ ታስሮ ተቀምጦ በአንድ ሰዓት ውስጥ ተገኘ። ወረቀቱን አስፈርሜ ማኅተም አስመትቼ በእጁ ሰጠሁት። ተቀበለና ወደ ግድግዳው ዞረ። የተሰቀለውን የቀን መቁጠሪያ የሚያይ መስሎኝ ነበር። ትከሻውን አጥፎ በክር የታሰረ መነጽር ከኮቱ ውስጥ ሲያወጣ አየሁት፤ ወረቀቱን ከዓይኑ አቅርቦ፣ አርቆ፣ እንደገና አቅርቦ አነበበ። ባለፈው ቅዳሜ የሳቅሁበት ነገር ይኸው ነበር። ጎንበስ ብዬ ጽሕፈቴን ያዝሁ፤ በዚህ ጊዜ ግን ያላየሁ ለመምሰል ነው።

ወደ ዛሬው መንገዳችን እንመለስ። ከቤተ መዘክሩ ሲወጡ ከቅጥሩ ውጭ ጥቂት ይቁሙ። ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. አፄ ኃይለ ሥላሴ ከስደት ሲመለሱ ከፍቼ በኩል መጥተው ወደ ከተማው ከመውረዳቸው በፊት እዚህች ማርያም ጸሎት አድርሰዋል። ጠጉራቸውን አሳድገው አምስት ዓመት በዱር የኖሩት የራስ አበበ አረጋይ አርበኞችም ንጉሣቸውን ለመቀበል ወጥተው ነበር። ከእነሱ ውስጥ ስንቱ ጠመንጃውን እንደ ሰቀለ በፋይል ቁጥር የሚጠራ ባለ ጉዳይ እንደ ሆነ ያስቡት። ቤተ መዘክሩ የነጋሪቱን ቆዳና የንጉሡን ካባ ጠብቆልናል። የዚያን የተጣፈ ካኪ ኮት አምሳያ ግን በየትኛውም መስታወት ውስጥ አላየሁትም፤ የሚሰቀልበት ቦታ ቢፈለግለት ከዚህ ተራራ የተሻለ ያለ አይመስለኝም።

እኔም አሁን ሰማንያ አልፌአለሁ። ባለፈው ወር ከአንድ የልጅ ልጄ ጋራ ወጥቼ ነበር፤ በእግሬ ሳይሆን በታክሲ። እሱ በ2013 ዓ.ም. የተከፈተውን የእንጦጦ ፓርክ ማየት ስለ ፈለገ ወደዚያው ሄደ፤ እኔ ማርያም ቅጥር ሥር ሽማግሌው ተቀምጦበት የነበረ የመሰለኝን ቦታ ፈልጌ ተቀመጥሁ። ትክክለኛው ቦታ መሆኑን እጠራጠራለሁ፤ ዛፉ ሁሉ ተቀይሯል። ፀሐዩ ግን ያው ነው። ከዚያ ተነሥቼ መኪናው ወደሚቆምበት ስሄድ በመንገዱ መሐል ኖሬ ኖሮ ከኋላዬ ጥሩምባ ጮኸ፤ ረዳቱም በመስኮት ብቅ ብሎ «አባባ! ዞር ይበሉ እንጂ!» አለኝ። ዞር አልሁለት። ልጁ ትንሽ አለፍ ብሎ አስቆመና በሩን ከፈተ። «ሽሮ ሜዳ ነዎት? ይግቡ፣ ከፊት ይቀመጡ» ብሎ ክንዴን ይዞ አስገባኝ።